ደሴ ሆኖ መጻፍ ወይስ አዲስ አበባ መግባት? ለፊልም ጸሐፊ የመንገድ ምርጫ

ደሴ ወይም ኮምቦልቻ የሚኖር፣ ፊልም መጻፍ የሚፈልግ ወጣት ሲያማክረኝ ጥያቄው ሁሌ አንድ ነው። "አዲስ አበባ ልግባ ወይስ እዚሁ ልሁን?" ይላል። ጥያቄው ደህና ነው፤ ግን ጎደሎ ነው። እኔ የማየው አራት መንገድ ነው። አንዱ እዚሁ የእንጀራ ሥራ እየሠሩ የራስን መጻፍ ነው። ሁለተኛው አዲስ አበባ ገብቶ ለቴሌቪዥን ድራማ መጻፍ ነው። ሦስተኛው ትምህርት ነው። አራተኛው ጽሑፍን ይዞ የውጭ አገር ፈንድና ሥልጠና ማመልከት ነው።

የማወዳድርበት መለኪያ ቀላል ነው። ዓመቱ ሲያልቅ በስማችሁ የተጻፈ፣ ያለቀ፣ መብቱም በእጃችሁ ያለ ስክሪፕት የሚያስቀርላችሁ የትኛው ነው? ሽልማቱና ዝናው ከዚያ በኋላ ይመጣል። ባይመጣም ስክሪፕቱ አለ።

የምን ፊልም ነው የምንለው?

ይህ ምክር ለሁሉም ጸሐፊ አይሆንም። የፍቅር ኮሜዲ መጻፍ የሚፈልግ ሰው ቶሎ አዲስ አበባ ቢገባ ይሻለዋል፤ ገበያውም ፕሮዲዩሰሩም እዚያ ነው። እኔ የምናገረው በሰው ጠባይ ላይ ስለሚቆም፣ ብዙ ጊዜም በትንሽ ብርና በጥቂት ጓደኞች ስለሚሠራ ፊልም ነው። ተመልካቹ "ይህች ሴትዮ አሁን ምን ታደርግ ይሆን?" እያለ የሚያየው ዓይነት።

ምሳሌ ልስጥ። ዕድሜውን በአሰብ መንገድ ተሳቢ ሲነዳ የኖረ የኮምቦልቻ ሹፌር እናስብ። በ1990 የተጀመረው ጦርነት መንገዱን ዘጋበት። ከዚህ ታሪክ የጦርነት ፊልም ማውጣት ይቻላል፤ ታንክና ወታደር የሚከራይ ሰው ከተገኘ። ወይም ደግሞ ዛሬን መጻፍ ይቻላል። ሹፌሩ አርጅቷል፤ ልጁ የጅቡቲ መስመር ሹፌር ሆኗል። አባትየው ልጁ በመጣ ቁጥር መኪናውን እየዞረ ጎማ ይመታል፤ ነቀፋ ይፈልጋል። ልጁ ዝም ይላል። እናትየው ሁለቱንም ታያለች። ለዚህኛው አንድ ግቢ፣ ሦስት ተዋናይ፣ አንድ የቆመ መኪና ይበቃል።

የመንገድ ምርጫውን የሚወስነው ይህ ነው። እንዲህ ያለ ፊልም ለመቅረጽ ርካሽ ነው፤ ለመሸጥ ግን ያስቸግራል። ስፖንሰር የታወቀ ፊት ይፈልጋል፤ ሲኒማ ቤት ሳቅ ይፈልጋል። ስለዚህ ገበያው አጠገብ መሆን ለዚህ ዓይነት ጸሐፊ የሚሰጠው ጥቅም ሰው የሚያስበውን ያህል አይደለም። ወጪ የሚቀንስበትና ሰው በቅርብ የሚታይበት ቦታ ይበልጥ ይጠቅመዋል።

እዚሁ መቅረት

ይህን መንገድ ሰው እንደ መሸነፍ ያየዋል። እኔ ለመጀመሪያዎቹ ስክሪፕቶች ከሁሉም አስበልጠዋለሁ። ለምን እንደሆነ ሰፋ አድርጌ ልንገራችሁ።

አንደኛ፣ ጊዜ። የፊልም ስክሪፕት ከ90 እስከ 120 ገጽ ይሆናል። በቀን አንድ ገጽ የሚጽፍ ሰው የመጀመሪያውን ረቂቅ ከሦስት እስከ አራት ወር ባለው ጊዜ ይጨርሳል። አንድ ገጽ ለመጻፍ አንድ የተረጋጋ ሰዓት ይበቃል፤ ችግሩ ያንን ሰዓት በየቀኑ ማግኘቱ ነው። አዲስ አበባ ላይ ሰዓቱን ታክሲ ሰልፍና የቤት ኪራይ ጭንቀት ይበሉታል። ደሴ ላይ ከሥራ ወደ ቤት በእግር የሚሄድ ሰው ብዙ ነው።

ሁለተኛ፣ ሰው። ወሎ ውስጥ አንድ ቤት ሙስሊምም ክርስቲያንም ሆኖ መገኘቱ ለእኛ ወሬም አይደለም። ለፊልም ጸሐፊ ግን ትልቅ ሀብት ነው። "ተቻችለን እንኖራለን" የሚል መፈክር አትጻፉ፤ ያ ለበዓል ፕሮግራም ይሁን። ልጅቷ ልታገባ ስትል እናትየዋ ለየትኛው ዘመድ ቀድማ እንደምትነግር ጻፉ። ቡናው ተፈልቶ ዱዓ እየተደረገ፣ አቦሉ ሳይቀዳ ማን ተነስቶ እንደሚወጣ ጻፉ። የኛ ሰው ደግሞ ቁጣውን በምርቃት ይጠቀልለዋል። "አላህ ይስጥህ ልጄ" ሲባል "ከእኔ አታገኝም" ማለት የሚሆንበት ጊዜ አለ። ይህን በጆሮው የሰማ ጸሐፊ ተዋናዩን እንዲጮህ አያደርገውም።

ሦስተኛ፣ ቦታ። ደሴ ከ2,400 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ጦሳ ተራራ ሥር የተቀመጠች፣ ጉም የማያጣት ከተማ ናት። የሐረጎን ቁልቁለት ወርዳችሁ ኮምቦልቻ ስትደርሱ ሙቀቱም ልብሱም ይቀየራል። በሃያ አምስት ኪሎ ሜትር ገደማ ውስጥ ሁለት ዓይነት ብርሃንና ሁለት ዓይነት ኑሮ አለ። ደሴ ላይ የአይጠየፍ አዳራሽ፣ ፒያሳ፣ ሰኞ ገበያ አሉ። ኮምቦልቻ ላይ በ2009 የተመረቀው የኢንዱስትሪ ፓርክ፣ ተሳቢዎቹ፣ አንድ ክፍል ለአራት ተከራይተው በፈረቃ የሚተኙ ሴቶች ልጆች አሉ። አንዷ ስትነሳ ሌላዋ በዚያው ፍራሽ ላይ ትተኛለች። ይህ ብቻውን የፊልም መነሻ ነው።

ከሁለቱ ከተሞች ለመጻፊያ የትኛው ይሻላል ካላችሁኝ፣ እኔ ደሴ ላይ ጽፌ ኮምቦልቻ ላይ ብቀርጽ እመርጣለሁ። ኮምቦልቻ ሰማዩ ክፍት ነው፤ መንገዱም ለጥ ያለ ስለሆነ ካሜራ ይዞ ለመንቀሳቀስ ይመቻል። ደሴ ክረምት ላይ መቅረጽ ግን ራስን ማሠቃየት ነው። ዝናቡ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ የተዋናዩ ድምፅ አይሰማም፤ ዝናቡ ሲያቆም ደግሞ ባጃጁ ይተካል። የንግግር ፊልም የምትሠሩ ከሆነ ምስሉ በስልክ ቢቀረጽም ይታለፋል። ድምፁ ከተበላሸ ግን ሰው ቁጭ ብሎ አያይላችሁም። ያላችሁን ብር መጀመሪያ ልብስ ላይ የሚሰካ ማይክ ግዙበት።

የእንጀራ ሥራውስ? እዚህ ላይ ምርጫው ራሱን የቻለ ጉዳይ ነው።

መምህርነት ለጸሐፊ ከሁሉም ይሻላል። ትምህርት ቤቱ በፈረቃ የሚያስተምር ከሆነ ግማሽ ቀን አላችሁ፤ ክረምትም አለ። ጉዳቱ የፈተና እርማት ነው፤ ሁለት ሳምንት ሙሉ አእምሮ ይወስዳል። የመንግሥት ቢሮ ሥራም ጥሩ ነው፤ ሰውነት አያደክምም፣ ባለጉዳይ ይመጣል፣ ቅሬታ ይሰማል። ፋብሪካ ከባድ ነው። የሌሊት ፈረቃ ያደረ ሰው ጠዋት ላይ የሚጽፈው ነገር የለም። ፋብሪካ የምትሠሩ ከሆነ በሥራ ቀን ማስታወሻ ብቻ ያዙ፤ የሰማችሁትን ንግግር ስልክ ላይ ጻፉ። ገጽ የሚጻፈው በዕረፍት ቀን ነው።

የሰርግ ቪዲዮ ቤት መሥራት ብዙ ወጣት ይመርጣል፤ ካሜራ አለበታ! እውነቱን ለመናገር ይህ ለዳይሬክተር እንጂ ለጸሐፊ ያን ያህል አይጠቅምም። ጥር ላይና ከፋሲካ በኋላ እንቅልፍ የለም፤ ኤዲቲንግ ሌሊቱን ይበላል። ግን አንድ ነገር አለ። ሁዳዴ ሲገባ የክርስቲያኑ ሰርግ ይቆማል፤ ረመዳን ላይ ደግሞ የሙስሊሙ ይቀዘቅዛል። ያን ጊዜ ካሜራው መደርደሪያ ላይ ነው የሚውለው። እናንተ ሌላ ሥራ እየሠራችሁ የቪዲዮ ቤት ወዳጅ ይኑራችሁ። አጭር ፊልማችሁን ለሁዳዴ ቅጠሩ፤ ካሜራማኑም ሥራ ፈትቶ ስለሚሰላች በደስታ ይመጣል። ምሳ ማብላት ግን አትርሱ፤ ጾም መሆኑንም።

የዚህ መንገድ ትልቁ ጉዳት ብቸኝነት ነው። ጽሑፋችሁን አንብቦ "ይሄ ትዕይንት አያስፈልግም" የሚላችሁ ሰው የለም። ዘመድ ያነባል፣ "ጎበዝ" ይላል፣ ያበቃል። መፍትሔው አራት አምስት ሰው ሰብስቦ ስክሪፕቱን ጮክ ብሎ ማንበብ ነው። ወሎ ባህል አምባ አካባቢ ቴአትር የሚወዱ ልጆች አይጠፉም፤ የዩኒቨርሲቲ ተማሪም አለ። ገጸ ባሕርያቱን ተከፋፍለው ያንብቡ፤ እናንተ ዝም ብላችሁ ስሙ። አንባቢው የተደናቀፈበት ዐረፍተ ነገር ተዋናዩም የሚደናቀፍበት ነው። ሁሉም ስልኩን ማየት የጀመረበት ገጽ ደግሞ መቀደድ ያለበት ገጽ ነው።

ለከተማችን ኤፍኤም ጣቢያዎች አጭር የሬዲዮ ድራማ መጻፍም ልምምድ ነው። ንግግር ያሳጥራል፣ ቀነ ገደብ ያስለምዳል። አንድ መጥፎ ጠባይ ግን ያስተምራል፤ ሁሉን ነገር በቃል ማስነገር። ሬዲዮ ላይ "ለምን በሩን ዘጋሽው?" ማለት ግድ ነው። ፊልም ላይ በሩን ትዘጋለች፤ በቃ።

በነገራችን ላይ፣ ደሴ ላይ የሚያማክረኝ ወጣት ሁሉ የ2014ቱን ጦርነት መጻፍ ይፈልጋል። አይፈረድበትም፤ ከተማዋ የተያዘችበትን ጊዜ ሁላችንም እናስታውሳለን። የማየው ረቂቅ ግን ብዙውን ጊዜ በተኩስ ይጀምራል፣ በለቅሶ ያልቃል፣ መሀል ላይ ሰው የለም። የጎረቤቱን ሱቅ ቁልፍ አደራ ተቀብሎ ከተማዋ ውስጥ የቀረውን ሰው ጻፉት። ባለቤቱ ሲመለስ ሱቁ ባዶ ነው፤ ቁልፉ ግን አለ። ሁለቱ ሲገናኙ ምን ይባባላሉ? ይህ በሁለት ተዋናይና በአንድ በር የሚቀረጽ ነው።

አዲስ አበባ ገብቶ ለቴሌቪዥን መጻፍ

ከደሴ አዲስ አበባ 400 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። መንገዱ ሰላም ሲሆን የአንድ ቀን ጉዞ ነው፤ ከኮምቦልቻ አውሮፕላንም አለ። ርቀቱ ሳይሆን ኑሮው ነው የሚከብደው።

ሥራ ግን አለ። ቃና በ2008 የውጭ ድራማዎችን በአማርኛ ድምፅ እያቀረበ ከመጣ ወዲህ፣ በ2013 ደግሞ አቦል ቲቪ በዲኤስቲቪ ከተጀመረ በኋላ፣ ተከታታይ ድራማ የብዙ ጸሐፊ እንጀራ ሆኗል። ዩቲዩብም ተጨምሯል። ለድራማ የምትጽፉ ከሆነ ክፍል በክፍል ትጽፋላችሁ፤ ለክፍሉም ይከፈላችኋል። ጽሑፋችሁ በሳምንታት ውስጥ ሲቀረጽ ታያላችሁ። ተዋናይ የጻፋችሁትን ንግግር ሲያበላሸው፣ አንዳንዴም ሲያሳምረው ትሰማላችሁ። ይህን ትምህርት ደሴ ላይ በአጭር ጊዜ አታገኙትም።

ለድምፅ ቅጂ የሚሆን ትርጉም መሥራትም የማይናቅ መግቢያ ነው። ንግግሩ ከተዋናዩ ከንፈር ጋር እኩል ገብቶ እኩል መውጣት ስላለበት፣ አንድን ሐሳብ በአምስት መንገድ መናገር ያስተምራል።

ጉዳቱስ? ተከታታይ ድራማ የሚኖረው ገጸ ባሕርዩ ባለመለወጡ ነው። ክፉዋ አክስት በአርባኛው ክፍልም ክፉ መሆን አለባት፤ አለዚያ ድራማው ያልቃል። የእናንተ ፊልም ግን ሰው በመለወጡ ወይም መለወጥ እያቃተው ባለበት ጊዜ ላይ ነው የሚቆመው። ሁለቱን ለረጅም ጊዜ አንድ ላይ መሥራት እጅን ያበላሻል። ሦስት ዓመት ድራማ የጻፈ ሰው የራሱን ፊልም ሲጀምር በየሦስት ገጹ ምስጢር የሚያወጣ ሰው ይፈልጋል። ከዚያም የስፖንሰር ጉዳይ አለ። ቤተሰቡ ሁሉ በድንገት አንድ ዓይነት ዘይት ሲያደንቅ አይታችሁ ይሆናል። ያንን ትዕይንት አንድ ጸሐፊ ነው የጻፈው፤ በኩራት ግን አይመስለኝም።

ዋናው ነጥብ ግን መብት ነው። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ላይ በደንብ መታወቅ ያለበት ነገር አለ። በቅጥር ወይም በትእዛዝ የተሠራ ሥራ የኢኮኖሚ መብቱ፣ ተቃራኒ ስምምነት ከሌለ፣ የቀጣሪው ወይም የአዛዡ ነው። ማለትም ፕሮዲዩሰር ጠርቷችሁ "ይህን ጻፉልኝ" ካለና ውል ላይ ሌላ ነገር ካልተጻፈ፣ ገጸ ባሕርያቱን ይዛችሁ መሄድ አትችሉም። የደሴዋን እናታችሁን ጠባይ ለድራማ ከሰጣችሁ በኋላ ለራሳችሁ ፊልም መመለስ ላይቻል ይችላል። ስለዚህ ለቴሌቪዥን ስትጽፉ የልባችሁን ታሪክ አትስጡ። ሌላ ታሪክ ስጧቸው፤ በደንብም ጻፉላቸው።

አዋጁ ሐሳብን ብቻውን እንደማይጠብቅም እወቁ። ካፌ ውስጥ ለፕሮዲዩሰር የተረካችሁት ታሪክ የማንም ነው፤ የተጻፈው ግን የእናንተ ነው። ደሴ ተቀምጣችሁ ጨርሳችሁ የያዛችሁት ስክሪፕት እዚህ ላይ ዋጋው ይታያል። ጽሑፉን ለአእምሯዊ ንብረት ባለሥልጣን ማስመዝገብ ይቻላል። ጥበቃው ያለ ምዝገባም አለ፤ ምዝገባው ክርክር ሲነሳ ማስረጃ ይሆናችኋል።

ውሉ ላይ መልስ ማግኘት ያለባቸው ጥያቄዎች እነዚህ ናቸው። ክፍያው ስንት ጊዜ ተከፋፍሎ ነው የሚሰጠው? ሲፈረም የሚከፈል ነገር አለ? ስንት ጊዜ አሻሽሉ ልትባሉ ነው? ስማችሁ የት ይጻፋል? ፊልሙ በተባለው ጊዜ ካልተቀረጸ ጽሑፉ ይመለስላችኋል? ዩቲዩብ ላይ ሲጫን፣ ወደ ተከታታይ ድራማ ሲቀየርስ? "ከትርፉ ትካፈላለህ" የሚል ውል ላይ ሒሳቡን ማን እንደሚያሳይ ካልተጻፈ፣ ትንሽም ቢሆን ቁርጥ ያለውን ብር ውሰዱ። "ግድ የለም፣ ቤተሰብ ነን" ሲሏችሁ ደግሞ በትህትና ወረቀት ጠይቁ።

ትምህርት

ይህን ባጭሩ እለፈው። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴአትር ጥበባት ትምህርት አለው፤ በፊልምም ሁለተኛ ዲግሪ ያስተምራል። ከዚያ ውጭ በወራት የሚያልቁ የግል ማሠልጠኛዎች አሉ።

ዩኒቨርሲቲው የሚሰጠው ትልቁ ነገር አብሮ የሚማረው ሰው ነው። የዛሬ ክፍል ጓደኛ የነገ ተዋናይና ዳይሬክተር ነው፤ ለትንሽ በጀት ፊልም ደግሞ በነፃ የሚመጣ ጓደኛ ማለት ገንዘብ ነው። ገና አሥራ ሁለተኛ ክፍል የጨረሰ ልጅ ምርጫው ካለው ይግባ። ሥራና ልጅ ያለው ሰው ግን ለዚህ ብሎ ደሴን ባይለቅ ይሻላል።

አጭር ሥልጠና ከመመዝገባችሁ በፊት አንድ ጥያቄ ብቻ ጠይቁ። "ኮርሱ ሲያልቅ የጨረስኩት ስክሪፕት ይኖረኛል?" መልሱ "ሰርተፊኬት ይኖርሃል" ከሆነ ብሩን ለማይክ አውሉት። ሰርተፊኬት አይቶ ስክሪፕት የሚገዛ ፕሮዲዩሰር አላጋጠመኝም።

በራስ መማርስ? የምትወዱትን ፊልም እያቆማችሁ ትዕይንቶቹን አንድ በአንድ ጻፏቸው። ማን ምን ፈልጎ ገባ፣ ምን ይዞ ወጣ? አንድ ፊልም በዚህ መንገድ መበተን ከብዙ ንግግር ይበልጣል።

የውጭ ፈንድና ሥልጠና

እዚህ ላይ ሁለት የተሳሳተ አመለካከት አለ። አንዱ "ለእኛ አይሰጡም" የሚለው ነው። ሌላው "አንዴ ካገኘሁ ከኑሮ ጣጣ ተገላገልኩ" የሚለው ነው።

ለመጀመሪያው መልሱ ታሪክ ነው። የጎንደሩ ተወላጅ ኃይሌ ገሪማ በ"ጤዛ" እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትን አገኘ፤ የምርጥ ስክሪፕት ሽልማትም ጨመረ። በቀጣዩ ዓመት ፌስፓኮ በሚባለው የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ዋናውን ሽልማት ወሰደ። ከውጭ አገር ወደ ቀዬው የተመለሰ የአንድ ሰው ታሪክ ነው። እ.ኤ.አ. በ2015 ደግሞ የያሬድ ዘለቀ "ላምብ" (በእንግሊዝኛ የበግ ግልገል ማለት ነው) በካን ፌስቲቫል "ኧን ሰርተን ሪጋርድ" በተባለው ክፍል ታየ፤ ከኢትዮጵያ በካን ይፋዊ ምርጫ የገባ የመጀመሪያው ፊልም ነው። የአንድ ልጅና የአንድ በግ ታሪክ ነው። ሁለቱም የአንድ ሰው ታሪክ ይዘው ነው የሄዱት።

ለሁለተኛው መልሱ ደግሞ "ጤዛ" ራሱ ነው። ተጽፎ እስኪታይ ብዙ ዓመት ፈጅቷል፤ ገንዘቡ ከብዙ ቦታ ነው የተሰበሰበው።

በሮቹ የተለያዩ ናቸው። የሮተርዳም ፌስቲቫል የሁበርት ባልስ ፈንድ ለስክሪፕት ማዳበሪያ 10,000 ዩሮ የሚሰጥበት ዘርፍ አለው። ሪያልነስ የሚባለው ተቋም እ.ኤ.አ. ከ2016 ጀምሮ አፍሪካውያን የፊልም ጸሐፊዎችን ሰብስቦ ጽሑፋቸውን እንዲያዳብሩ ያደርጋል። የደርባን የፊልም ገበያ ደግሞ ጸሐፊን ከፕሮዲዩሰር ያገናኛል። ፈንድ ብር ይሰጣል፤ የጸሐፊ ሥልጠና ግን የሚያነብ ሰው ይሰጣል። ደሴ ላይ ለተቀመጠ ሰው የጎደለው የሚያነብ ሰው ስለሆነ፣ እኔ መጀመሪያ ለሥልጠናው አመልክቱ እላለሁ።

ማመልከቻው ብዙውን ጊዜ የሚጠይቀው ሎግላይን (ታሪኩን በአንድ ዐረፍተ ነገር)፣ ሲኖፕሲስ (የታሪኩን ማጠቃለያ)፣ ትሪትመንት (ታሪኩን ያለ ንግግር ሰፋ አድርጎ የሚተርክ ጽሑፍ)፣ አንዳንዴም ሙሉ ስክሪፕት ነው፤ በእንግሊዝኛ ወይም በፈረንሳይኛ። በአማርኛ ጻፉ፣ በኋላ አስተርጉሙ። በእንግሊዝኛ አስቦ የጻፈ የደሴ ልጅ እናትየዋን እንደ ሎንዶን ሴትዮ ሲያናግራት አይቻለሁ። ምርቃቱና ሽሙጡ እዚያው ይጠፋል።

ከሽልማት በፊት ክፍያ የሚጠይቅ ውድድር ሲያጋጥማችሁ ቀስ በሉ። አንዳንዱ የደንብ ክፍያ ነው፤ አንዳንዱ ግን ከክፍያው ሌላ ሥራ የለውም። ያለፉት ዓመታት አሸናፊዎች ፊልማቸው ተሠርቶ ከሆነ ፈልጉ። ካልተሠራ ተዉት።

ትንንሾቹ ምርጫዎች

አጭር ፊልም ወይስ ረጅም? መጀመሪያ አጭር ጻፉ፤ ከአምስት እስከ አሥራ አምስት ገጽ። ረጅም ፊልም ለመቅረጽ ተበድሮ መጀመር ሳይቸግር ጤፍ ብድር ነው። አጭሩ ግን ለሚቀጥለው በር መታወቂያ ይሆናችኋል። ማንም ዳይሬክተር 100 ገጽ ከሚያነብ አሥር ደቂቃ ማየት ይቀለዋል።

መጻፍ ብቻ ወይስ መምራትም? አዲስ አበባ ከሆናችሁ መጻፍ ብቻውን ሥራ ነው። ደሴ ከሆናችሁ ግን ቢያንስ የመጀመሪያውን አጭር ፊልም ራሳችሁ ምሩት። ጥሩ ስለምትመሩ አይደለም። ሌላ የሚመራው ሰው እስኪመጣ ከጠበቃችሁ ዓመት ስለሚያልፍ ነው። ደግሞም የራሱን ትዕይንት ቆሞ ያስቀረጸ ጸሐፊ ቀጣዩን ስክሪፕት ሲጽፍ "መቶ ሰው ወደ ገበያው ይገባል" አይልም።

ሶፍትዌር ለምትጠይቁኝ፣ ጎግል ዶክስ ይበቃል። ፋይናል ድራፍት የሚባለውን የስክሪፕት መጻፊያ ገዝቶ ስክሪፕት ያልጻፈ ሰው ብዙ ነው። አንድ ነገር ግን ልብ በሉ። "አንድ ገጽ አንድ ደቂቃ" የሚባለው ስሌት የተሠራው ኩሪየር በሚባለው የላቲን ፊደል ነው፤ ኩሪየር ደግሞ የእኛ ፊደል የለውም። አማርኛ በጥቂት ፊደል ብዙ ስለሚናገር የእኛ ገጽ ከአንድ ደቂቃ ሊረዝም ይችላል። ሰዓት ይዛችሁ ጮክ ብላችሁ አንብቡ፤ ትክክለኛውን ርዝመት ያኔ ታውቃላችሁ።

ታዲያ ማን የትኛውን ይምረጥ?

ደሴ ላይ መምህር የሆነና አንድም ስክሪፕት ያልጨረሰ ሰው እዚሁ ይቆይ። አንድ ረጅምና ሁለት አጭር ጽሑፍ እስኪጨርስ አዲስ አበባ መሄድ አያስፈልገውም። ከዚያ በኋላ ለሥራ ሳይሆን ለአንድ ሳምንት ይሂድ፤ ጽሑፉን ይዞ፣ ሰው ቀጥሮ። "ሁለት ባላ ትከል፣ አንዱ ሲሰበር በአንዱ ተንጠልጠል" ይባል የለ? ደመወዙ አንዱ ባላ ነው።

ሥራ የሌለውና ዕዳም የሌለበት፣ አዲስ አበባ አክስት ወይም ወንድም ዘንድ ማረፊያ ያለው ወጣት ወደ ቴሌቪዥኑ ይግባ። ለራሱ ግን ጊዜ ይገድብ፤ ሁለት ዓመት በቂ ነው። በዚያ ጊዜ ውስጥ ቢያንስ ሁለት ጥሩ ተዋናይና አንድ የሚያምነው ዳይሬክተር ይተዋወቅ። የልቡን ስክሪፕት ሻንጣ ውስጥ ያቆየው።

አጭር ፊልም የሠራ፣ ረጅም ስክሪፕት የጨረሰ፣ እንግሊዝኛ የሚያስተካክልለት ሰው ያለው ግን ደሴም ይሁን ኮምቦልቻ ማመልከት ይጀምር። ማመልከቻ ለመላክ ኢንተርኔት እንጂ የአዲስ አበባ አድራሻ አይጠየቅም። ኢንተርኔት ስለሚጠፋ ግን የመጨረሻውን ቀን አትጠብቁ።

ኮምቦልቻ ፋብሪካ ውስጥ በፈረቃ የምትሠራዋስ? ከሁሉም ከባዱ የእሷ ነው፤ ጊዜም ጉልበትም የላትም። ለእሷ የምለው ሌላ ነው። ብቻዋን አትጻፍ። ደሴ ላይ ከሚጽፍ ሰው ጋር ትጣመር። እሷ ክፍሏን፣ ፈረቃውን፣ የአለቃውን አነጋገር፣ የደመወዝ ቀን ሌሊቱን ታውቃለች፤ በስልክ ድምፅ ቀርጻ ትላክለት። እሱ ወደ ትዕይንት ይቀይረው፤ በዕረፍቷ ቀን አብረው ያስተካክሉት። ከመጀመራቸው በፊት ግን አንድ ገጽ ወረቀት ይፈራረሙ። ስማቸው አብሮ እንደሚጻፍ፣ ብር ከተገኘ እኩል እንደሚካፈሉ፣ አንዱ ብቻውን መሸጥ እንደማይችል። "ታሪኩን የነገረችኝ ልጅ" ተብላ ምስጋና ውስጥ እንዳትቀር።